ከትከሻው ኋላ የታሰረው ፈረስ

ጋሪው ከአዲስ ቅዳም ወጥቶ የእንጅባራን አስፋልት ሲይዝ ባለጋሪው ይኸነው ጅራፉን አነሳና ሳይመታ መልሶ ጭኑ ላይ አጋደመው።

«ዛሬ የሚመራን እሱ ነው» አለ ፈረሱን በአገጩ እያመለከተ። «የመንገዱን ነገር እኔም አላውቅ፣ እሱም አያውቅ። እሱ ግን አይፈራም።»

ከኋላው ድርቆሽ በታጨቀበት ማዳበሪያ ላይ ሁለት ሰዎች ተቀምጠዋል። አንዱ የካሜራ ቦርሳ የታቀፈው ምህረቴ ነው። የዳንግላ ልጅ ነው፤ አዲስ አበባ ኖሮ፣ በ2010 አገር ሁሉ «ለውጥ መጣ» ሲል ካሜራውን አንግቶ የተመለሰ፣ ከዚያ ወዲህ ያንን ለውጥ እግር በእግር እየተከተለ ሲቀርጽ ጠጉሩ የሸበተ። መጀመሪያ ሰልፍ ቀረጸ፣ ቀጥሎ ስብሰባ፣ ቀጥሎ ዘመቻ፣ ቀጥሎ ቀብር። ፊልሙ ማለቂያ አጣ፤ ባሰበው ቁጥር አገሩ አዲስ መጨረሻ ያመጣበታል።

ሁለተኛዋ ሰርክአዲስ ናት፤ ድምፅ ቀራጩ። ማዳመጫዋ አንገቷ ላይ እንደ ማተብ ከሆነ ቆይቷል። ሰው ፊቱን ማሳመር ይችላል፣ ድምፁ ግን ያሳብቅበታል ትላለች፤ ስለዚህ ሲያነጋግሯት ዓይን አታይም፣ ጆሮዋን ሰጥታ ወደ መሬት ነው የምታየው። ብዙ ሰው ኩራተኛ ትመስለዋለች።

የካቲት 2016 ነበር። ኔትወርክ ከጠፋ ሰንብቷል፣ ነዳጅ ከጠፋም እንዲሁ። አውቶቡስና አይሱዙ ይተራመስበት የነበረው መንገድ ለጋሪና ለእግረኛ ቀርቷል። ግራና ቀኝ ዲከረንስ የሚሉት የከሰል ዛፍ ቆሟል፤ ከሥሩ የሚጭነው መኪና ያጣ ከሰል በማዳበሪያ ተደርድሮ ዝናብና ፀሐይ ይፈራረቁበታል። ባለቤቶቹ መጠበቁን ትተውታል። ሌባም ቢሰርቀው የት ይወስደዋል?

የሚሄዱት ከዘንገና በላይ ወዳለው መንደር፣ ወደ እማማ እታለማሁ ቤት ነው። የእማማ እታለማሁ ልጅ ፀጋው ባለፈው ወር ከአዘና በላይ ባለው ጫካ ሞቷል። ምህረቴና ሰርክአዲስ ጫካ የገቡትን ልጆች ሊቀርጹ ሄደው፣ ሲሞት አጠገቡ ነበሩ። ከማዶ የተተኮሰ ጥይት ነው። ማን እንደተኮሰው እነሱም አላዩ፣ ያየ ሰውም አልተገኘ። እዚያው አፈር አልብሰውት ሮጡ፤ የቀረጹት ሁሉ ቅጂ ያለበት ሃርድ ዲስክም በሩጫው ላይ ጠፋ።

መርዶ ነጋሪ ሽማግሌዎች ጎሕ ሲቀድ ሄደው ለእናቲቱ ነገሯቸው። እማማ እታለማሁ ግን አላለቀሱም። «ሳላይ አላለቅስም» አሉ። «የሰው አፍ ስንቱን ገድሎ ስንቱን አስነስቷል።» የልጃቸው ፈረስ ለለቅሶ እንዳይሸለምም ከለከሉ። በዚያ አገር ሰው ሲሞት ፈረሱ ሙሉ ዕቃውን ለብሶ ለቅሶ ይወጣል፤ ማንም ሳይቀመጥበት በልጓሙ እየተሳበ ለቀስተኛውን ይዞራል። ፈረሱ ካልወጣ ሟቹ እንደሞተ አይቆጠርም። ወር ሙሉ ፀጋው እንዲህ ሞቶም ሳይሞት ቆየ። በኋላ በከሰል ነጋዴዎች በኩል ቃል ዳንግላ ደረሰ፦ «ያ ፊልም ሠሪ የልጄን ፊት ይዞ እንደሆነ ያምጣልኝ።»

ምህረቴ ይዞ ነበር። ከሩጫው የተረፉት ሁለት ካርዶች ናቸው። በአንዱ ካርድ ላይ ፀጋው ለእናቱ መልእክት ይናገራል፤ ይስቃልም። በሁለተኛው ካርድ ላይ ግን መሳፍንት አለ።

መሳፍንት የፀጋው አብሮ አደግ ነው። በ2010 እንጅባራ ፈረሰኛው ሁሉ ባንዲራ ይዞ ሲወጣ ሁለቱ ጎን ለጎን ሲጋልቡ ምህረቴ ቀርጿቸዋል፤ ፀጋው በነጩ አምባላይ፣ መሳፍንት በቀዩ ዳማ። «ከአምስት ዓመት በኋላ የት ነው የማገኛችሁ?» ብሎ ጠይቋቸው ነበር። ፀጋው ነው የመለሰ፦ «እዚሁ። ፈረስ ላይ።» ከዚያ አንዱ ጫካ ገባ፣ ሌላው ወረዳ ግብርና ተቀጥሮ ቀረ። መሳፍንት ፀጋው በሞተበት ቀን ለመሥሪያ ቤቱም ለጎረቤቱም «ለዘር ጉዳይ ጫግኒ ነኝ» ብሎ፣ ፈረሱን ጭኖ ጫካ ድረስ መጣ። «እናትህ እህል መቅመስ ትታለች፤ ተነስ እንሂድ» እያለ እግሩ ላይ ወድቆ ለመነው። ተኩሱ ሲከፈት ፀጋውን ደግፎ ያስተኛው እሱ ነው። ሲለያዩም ምህረቴን አንድ ነገር ብቻ ለመነው፦ እዚህ መምጣቴን ማንም እንዳይሰማ።

ከወደ እንጅባራ የሚመጡ ሴቶች አጠገባቸው ሲደርሱ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ከፊት ፍተሻ አለ» አለች አንዷ ሳትቆም። «ስልክ ሳይቀር ከፍተው ነው የሚያዩ።»

ይኸነው ጋሪውን ወደ ዳር አወጣ። ምህረቴ ሁለቱን ካርዶች መዳፉ ላይ አስቀምጦ ተመለከታቸው።

«የመሳፍንትን ላጠፋው ነው» አለ።

«አታጥፋው» አለች ሰርክአዲስ።

«ቃል ገብቼለታለሁ።»

«አላሳይም ብለህ ነው ቃል የገባህ፣ አጠፋለሁ አላልክም። ይሄ ልጅ ምንም አላደረገም። ሊመልሰው ነው የመጣው። ነገ አንድ ነገር ቢነሳ ከዚህ ሌላ ምን ምስክር አለው?»

«ምስክር ለማን ነው የሚቀርበው፣ ሰርኬ? ዳኛ አለ ብለሽ ነው? ፀጋውን ቢያገኙት ምን ያደርጉታል? ሙት አይታሰር። መሳፍንት ግን ቤት አለው፣ ሚስቱ እርጉዝ ናት። እነዚህ ቢያገኙት ከነዚያ ጋር ነበርክ ይሉታል፤ እነዚያ ቢያገኙት ማን ላከህ ይሉታል።»

እውነቱን ነው፤ ክፋቱ ደግሞ እውነቱን መሆኑ ነው። ያን ጊዜ ሰው ለሰው የሚያደርገው ደግነት ሁሉ አንድን ነገር መደበቅ ወይም ማጥፋት ነበር።

ምህረቴ ደመሰሰው። በዚህ ብቻ አልተወውም፤ የተደመሰሰ ነገር ቆፍሮ የሚያወጣ ባለሙያ እንዳለ ያውቃል። የካሜራውን ክዳን ገጥሞ፣ ጋሪው እየሄደ፣ ካርዱ እስኪሞላ ድረስ ጨለማ ቀረጸበት። ሰርክአዲስም መቅረጫዋን ከፈተች። «ተነስ እንሂድ፣ በእናትህ» የሚለውን የመሳፍንትን ድምፅ ለመጨረሻ ጊዜ ሰማችው፤ አጠፋችው፤ ከላዩ የፈረስ ኮቴና የጋሪ ጎማ ሞላችበት። ይሄን ሁሉ ዓመት ስትሠራ ድምፅ ስትቀብር የመጀመሪያዋ ነበር።

«የሟቹንስ?» አለ ይኸነው።

ምህረቴ ካርዱን በመዳፉ ጨበጠው። ይኸነው ጋሪውን አቁሞ ወረደና ከፈረሱ አንገት ላይ ያለውን በቆዳ የተሰፋ ክታብ በቢላዋው ጫፍ ፈታ አድርጎ ካርዱን ከተተበት።

«የክታቡን ስፌት ከፈትኩላችሁ» አለ። «እንግዲህ ቡዳ ቢበላብኝ ጋሪውን የምትጎትተው አንተ ነህ።»

ምህረቴ ፈገግ አለ። ሰርክአዲስ በዚያን ቀን ፈገግ ሲል ያየችው ያኔ ብቻ ነው።

ኬላው በሁለት ባሕር ዛፍ መካከል የተወጠረ ገመድ ነበር። የታጠቁት ሰዎች የማን እንደሆኑ እነምህረቴ አልጠየቁም፤ ያኔ እንዲህ ያለውን ጥያቄ የሚጠይቅ ሰው መልሱን ይዞ ቤቱ አይገባም ነበር። አንገቱን በሻሽ የጠቀለለ ጎልማሳ መጥቶ ቦርሳውን አስፈታ።

«ምን ልትሠሩ ነው?»

«ለቅሶ ልንቀርጽ ነው» አለ ምህረቴ።

«ለቅሶም ይቀረጻል?»

«አሁን የማይቀረጽ ምን አለ ጌታው» አለ ይኸነው። «ሠርግ ስለጠፋ ነው።»

ሰውዬው ካሜራውን ከፍቶ ካርዱን እያስኬደ አየ። ጨለማ ነው። ወደ ፊት አስኬደ፤ አሁንም ጨለማ።

«ይኸ ምንድን ነው?»

«ክዳኑን ሳላነሳ ቀርጬ ነው። አላስተዋልኩም።»

«ጨለማ ቀርጸህ ነው እንዴ የምትዞር?» ሰውዬው ሳቀ፤ ክፋት የሌለበት የደከመው ሰው ሳቅ።

«ያለው እሱ ነው» አለ ምህረቴ።

የሰርክአዲስን ማዳመጫ ተቀብሎ ጆሮው ላይ አደረገና ኮቴውን አዳመጠ። «ይኸኛው ደኅና ነው» ብሎ መለሰላት። ከዚያ የፈረሱን አንገት መታ መታ አደረገ፤ እጁ ክታቡ ላይ አረፈ። «ትልቅ ክታብ ነው።»

«ዓይን ይፈራል» አለ ይኸነው። «መልከ መልካም ነዋ።»

ገመዱ ወረደ። እንጅባራን ሱቁ ሁሉ እንደ ተዘጋ አልፈዋት ወደ ዘንገና መንገድ ገቡ።

የእማማ እታለማሁ ቤት ሐይቁን ከበታቹ አድርጎ ከተዳፋቱ ላይ ነው። ደጁ ላይ ሰው ተሰብስቧል፤ ምስሉ ይመጣል መባሉን መንደሩ ሁሉ ሰምቷል። አምባላዩ ፈረስ ያለ ኮርቻ፣ ባዶ ጀርባውን ከአጥሩ ጋር ታስሯል። የፀጋው ታላቅ ወንድም ክንዴ ከጋሪው አወረዳቸው። ሰርክአዲስን ክንዷን ይዞ ሲያወርዳት «እግርሽ ደንዝዟል፣ ቀስ» አላት። ክንዴ ክፉ ሰው አልነበረም። ይሄን የምንለው ኋላ ክፉ ነው ስለተባለ ነው።

ምህረቴን ግን ወደ አጥሩ ዞር አደረገው።

«ማን ነው?» አለ።

«አላየሁም ክንዴ። ማንም አላየ። ከማዶ ነው የተተኮሰው።»

«ከአጠገቡስ ማን ነበረ?»

ሰርክአዲስ ወደ መሬት እያየች ሰማች። ምህረቴ ዘገየ፤ ትንፋሽ ያህል ብቻ ነው፣ እሷ ግን ሰማችው።

«እኛ ብቻ ነበርን። ሌላ ሰው አልነበረም።»

ክንዴ ራሱን ነቀነቀ። «መሳፍንትም እዚህ ቤት ተቀምጦ እያለቀሰ እንዲህ ነው ያለን። ‹ጫግኒ ሆኜ ነው እንጂ ብኖር አላስገድለውም ነበር› አለ። ወንድም ነው። ዛሬም ይመጣል።»

ሰርክአዲስ ከክታቡ የወጣውን ካርድ ከካሜራው ቦርሳ ባወጣችው ላፕቶፕ ውስጥ ከታ አንድም የሰው ፊት ከፀጋው በቀር እንዳይታይ ከምህረቴ ጋር ደግማ አየችው። ምህረቴ ሌሎች ልጆች የሚታዩበትን ቆርጦ ጣለ። የእጅ ጣት የሚታይበትን እንኳ ቆረጠ። የቀረው ፀጋው ብቻውን ሆነ፤ ከቀርቀሃ ሥር ተቀምጦ፣ ነጠላውን ደርቦ። ከትከሻው ኋላ ፈረስ ታስሯል። ምህረቴም ሰርክአዲስም ፈረሱን አዩት፤ ግን ፈረስ ነው፣ ምን ይላል?

ቤቱ ውስጥ መስኮቱን ዘግተው ላፕቶፑን በርጩማ ላይ አስቀመጡት። እማማ እታለማሁ ከፊት መሬት ላይ ተቀመጡ። ለቤቱ ሰው በአገራቸው ቋንቋ በአውኛ ዝም በሉ አሉ፤ ለሰርክአዲስ በአማርኛ «በይ ልጄ፣ አሳይኝ» አሉ። ከጎናቸው ወንድማቸው ሃምሳ አለቃ ካሳው በዱላቸው ተደግፈው ተቀመጡ። በደርግ ጊዜ ሰሜን ዘምተው የመጡ፣ ሰው ሁሉ እስከ ዛሬ በማዕረጋቸው የሚጠራቸው ሽማግሌ ናቸው። ክንዴ በሩ ላይ ቆመ።

ፀጋው ስክሪኑ ላይ ብቅ አለ።

«እማዬ» አለ። «አልራበኝም፣ አልበረደኝም። ወሬ አትስሚ። ክንዴ አምባላዩን እንዳይሸጥብኝ፣ ገብስ አብሉልኝ፤ እመጣለሁ።» ከዚያ ወደ ጎን ዞር ብሎ ሳቀ። ጥርሱ ሁሉ እስኪታይ፣ ሕፃን ሆኖ እንደሚስቀው ሳቀ። አበቃ።

እማማ እታለማሁ እጃቸውን ዘርግተው ስክሪኑን ዳሰሱት፤ ስክሪኑ ሞቃት ነበርና እጃቸውን እዚያው አቆዩት።

«ሞቷል ልጄ» አሉ። ድምፃቸው ውስጥ ሰርክአዲስ እስከ ዛሬ ሰምታ የማታውቀው ነገር ነበር፤ ልትቀርጸው ቀርቶ ልትሰማው አልቻለችም። «እንዲህ የሚስቅ ልጅ ነበረኝ። ሞቷል። ድገሚልኝ።»

ሰርክአዲስ ደገመችላቸው። ሴቶቹ ማልቀስ ጀመሩ። ሃምሳ አለቃ ካሳው ዓይናቸውን ጠርገው ወደ ስክሪኑ ጠጋ አሉ። ፈረስ አይተው ዝም ማለት የማይችሉ ሰው ናቸው፤ ያገሩ ሰው ሁሉ እንዲያ ነው፣ እሳቸው ግን ይብሳሉ። ለቅሶ መሆኑን፣ የማን ምስል እንደሚያዩ ረስተው፣ ሰው ጎረቤቱን መንገድ ላይ ሲያገኝ በሚናገርበት ድምፅ፦

«ከኋላ የታሰረው የመሳፍንት ዳማ አይደለም እንዴ?» አሉ።

ከዚያ አፋቸውን ያዙ።

ቤት ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ስክሪኑን አየ። ግንባሩ ላይ ነጭ አለው። የግራ ጆሮው ጫፍ ቆራጣ ነው፤ ውርንጭላ ሳለ ጅብ የበጠሰው። እዚያ መንደር ያንን ጆሮ የማያውቅ ሕፃን የለም። ምህረቴ የሰውን ፊት ሁሉ ቆርጦ አውጥቷል፤ አገሩ ሁሉ ከሰው ፊት አስበልጦ የሚያውቀውን ግን ከትከሻው ኋላ ትቶታል።

«አቁሚው» አለ ክንዴ ከበሩ።

ሰርክአዲስ አቆመችው። ሳቁ ስክሪኑ ላይ ቀረ።

«ማንን አይቶ ነው የሚስቅ?»

ሴቶቹ ወደ ምህረቴ ዞሩ።

«ምህረቴ» አለ ክንዴ። ጮክ ብሎ አልተናገረም። «ከአጠገቡ ማንም አልነበረም ብለኸኛል።»

ምህረቴ ተነሳ። ፊቱ አመድ መስሏል። «ነበረ» አለ። «መሳፍንት ነበረ። ሊመልሰው ነው የመጣው። እግሩ ላይ ወድቆ ሲለምነው ነበር። ሲመታም ያቀፈው እሱ ነው፤ በክንዱ ላይ ነው የሞተው። እኔ በዓይኔ አይቻለሁ ክንዴ፣ ቀርጬዋለሁ።»

«ቀርጸኸዋል?»

«ቀርጬው ነበር።»

«እንግዲያ አሳየኝ።»

ምህረቴ ወደ ሰርክአዲስ ዞረ፤ እሷ ምን እንድታደርግለት እንደፈለገ እሱም አያውቅም። ሰርክአዲስ ናት የተናገረችው፦ «አጥፍተነዋል። መንገድ ላይ ፍተሻ ስለነበረ። ለሱ ብለን ነው። ድምፁንም እኔ ነኝ ያጠፋሁት፤ እውነቱን ነው የሚነግርህ።»

«ፀጋውን ይዛችሁ መጣችሁ፣ መሳፍንትን አጠፋችሁ።»

«አዎ።»

«እሱ ጫግኒ ነበርኩ አለኝ። አንተ ማንም አልነበረም አልከኝ። አሁን ደግሞ ነበረ፣ ግን የለም።» ክንዴ ቀስ ብሎ እየተናገረ ነገሩን ለራሱ የሚያስረዳ ይመስል ነበር። «ለእሱ ብላችሁ ነው። ለፀጋው ብሎ የዋሸ ማን ነው?»

«ክንዴ፣ አንተ ልጅ» አሉ ሃምሳ አለቃ ካሳው። «እኔ ዓይኔ ፈዟል። ሌላ ዳማ ይሆናል።»

ክንዴ ለሃምሳ አለቃው ራሱን ዝቅ አደረገ፤ ሽማግሌ አክብሮ የሚያድር ሰው ነው። ያንን ጆሮ አይቶ ግን ሌላ ዳማ ነው ማለት ከየት ይመጣል?

እማማ እታለማሁ ይሄን ሁሉ አልሰሙም። ዓይናቸው ከቆመው ሳቅ ላይ አልተነሳም። «እንግዲህ አየሁት» አሉ። «በሉ ፈረሱን አልብሱልኝ።»

«እሺ እማዬ» አለ ክንዴ፤ ወጣ።

ሰዉም ተከተለው። ምህረቴ ሃምሳ አለቃውን እጃቸውን ይዞ ለመናቸው። «እርስዎ ይስሙኝ፣ እርስዎ ይንገሩልኝ። ሊመልሰው ነው የመጣው።»

ሽማግሌው አንገታቸውን ደፉ። «እኔ አምንሃለሁ ልጄ። የማያምነው ደሙ ነው። አንተ የፊልም ሰው ነህ፤ ሰባኪ ብትሆን አፍህን ባመንን ነበር። ካንተ የሚጠበቀው ማሳየት ነው።»

ደጁ ላይ ክንዴ አምባላዩን ያለብሰው ነበር። ማንም እንዲያግዘው አልፈቀደም። የጀርባ ልብሱን፣ ግላሱን፣ ዘረጋ፣ ኮርቻውን ጫነ፣ ለበዓል ብቻ የሚወጣውን ቀይ ጥልፍ አንገቱ ላይ አሰረ፣ ከላዩ ጥቁር ጨርቅ ጣል አደረገበት። የወንድሙን ነጠላ ኮርቻው ላይ አጠፈው። እጁ አይንቀጠቀጥም። ምህረቴ ይሄን አይቶ ትንሽ ተነፈሰ፤ ሐዘኑ ቁጣውን የቀደመው መሰለው። ሴቶቹ ደረት መምታት ጀመሩ። ክንዴ ወደ ጎተራው ሄዶ አንድ የተጠቀለለ ነገር ይዞ ተመለሰና ከግላሱ ሥር አስገባው፤ ሰዉ የሟቹ ዕቃ መሰለው እንጂ ማንም አልጠየቀም።

ሰርክአዲስ ማዳመጫዋን ጆሮዋ ላይ አድርጋ ነበር፤ ልማድ ነው፣ ሲጨንቃት የምትሸሸገው እዚያ ነው። ከለቅሶው በታች አንድ ትንሽ የብረት ድምፅ ሰማች። እርካብ መስሏት ነበር። እርካብ አይደለም።

«ምህረቴ» አለች። «ምህረቴ፣ መሣሪያ ነው።»

ያን ጊዜ ይኸነው ከጋሪው ላይ ቆሞ ወደ ታች ያይ ነበር። ጅራፉ ከእጁ ወደቀ። ከታች፣ ሐይቁን ዞሮ በሚመጣው የእግር መንገድ ላይ፣ አንድ ሰው ነጠላውን ለለቅሶ ደግድጎ በፈረስ ይመጣል። ፈረሱ ዳማ ነው። መሳፍንት ምስሉ መጥቷል ሲባል ሰምቶ ወዳጁን ሊያለቅስ መምጣቱ ነበር።

ክንዴ እርካቡን ረገጠ።

ከለቀስተኛው መካከል የማቃሰት ድምፅ ወጣ። የሟች ፈረስ ይሳባል እንጂ አይጋለብም፤ ይሄን ለማንም መንገር አያስፈልግም። አንዲት አሮጊት «ኧረ በሕግ» አለች። ክንዴ አልሰማትም። የወንድሙ ነጠላ ከኮርቻው ላይ ሸርተት ብሎ መሬት ወደቀ፣ አምባላዩም ወር ሙሉ ታስሮ የከረመ ነውና ቁልቁለቱን እንደተለቀቀ ውኃ ወረደው።

ምህረቴ ሮጠ። ካሜራው ከትከሻው ወርዶ ድንጋይ ላይ ወደቀ፤ ዞሮም አላየው። እየሮጠ ይጮህ ነበር፦ «ሊመልሰው ነው የመጣው! ክንዴ! ሊመልሰው ነው!» ሰልፍ ላይ፣ ስብሰባ ላይ፣ ቀብር ላይ ሌላው ሲጮህ ሲቀርጽ የኖረ ሰው ነው፤ እሱ ራሱ ሲጮህ ሰርክአዲስ ሰምታው አታውቅም።

ሰርክአዲስ አልሮጠችም። ማዳመጫው ጆሮዋ ላይ እንዳለ፣ መቅረጫውም እንደተከፈተ ነው፤ ማዳመጫዋን ስታደርግ በልማድ ከፍታዋለች። የምህረቴ ድምፅ እየራቀ፣ እየቀጠነ ሲሄድ ሰማች። አንድ ሰው ከታች በደስታ «ክንዴ!» ብሎ ሲጣራ ሰማች፤ ወንድሙ ሊቀበለው የወረደ የመሰለው ሰው ድምፅ ነበር። ከዚያ ተኩስ ሰማች። ሐይቁ ተቀብሎ መለሰው።

ደጁ ላይ የነበረው ሰው ሁሉ ወደ ታች ፈሰሰ። ይኸነው ብቻ ቀረ፤ የራሱን ፈረስ አንገት አቅፎ ፊቱን ክታቡ ላይ ደፍቷል። ጥቂት ቆይቶ ዳማው ብቻውን መጣ። ኮርቻው ባዶ ነው፣ ልጓሙ መሬት ይጎትታል፤ ሰው እየሳበው እንደሚመጣ የለቅሶ ፈረስ ቀስ ብሎ ተዳፋቱን ወጥቶ፣ አምባላዩ ታስሮ ከነበረበት አጥር ጎን ቆመ።

ከቤት ውስጥ እማማ እታለማሁ ተጣሩ።

«አንቺ ልጅ» አሉ። «የት ሄድሽ? ነይ ድገሚልኝ እስቲ። ሲስቅ ያለውን።»